ወንድና ሴት በተባለው ክፍል መካከል የሚኖሩ ወገኖቻችን

በአዲስ አበባ ምዕራባዊ ክፍል የሚገኘው ኮልፌ ቀራንዮ፣ ከጋሞ ደጋ ወርደው ሸማ እየሠሩ የሚኖሩትን፣ ከጉራጌና ከስልጤ አገር ወጥተው በንግድ የተሰማሩትን፣ ከሸዋ ገጠርና ከሰሜን በልዩ ልዩ ዘመን የፈለሱትን ሁሉ በአንድነት ያቀፈ፣ የቀራንዮ መድኃኔ ዓለም ደወልና የመስጊዱ አዛን በአንድ ሰማይ ሥር የሚሰሙበት ሰፊ ክፍለ ከተማ ነው። ሕዝቡ በቋንቋና በሃይማኖት ቢለያይም በአንድ ነገር ይስማማል፤ ይኸውም ሰው ከማኅፀን በወጣባት ሰዓት ወንድ ወይም ሴት ተብሎ እንዲለይ፣ ከዚያችም ሰዓት አንሥቶ እስከ መቃብር ድረስ ያለው የኑሮ ሥርዓት ሁሉ በዚያች በአንዲት ቃል እንዲመራ ነው።

የክርስቲያኑ ልጅ ወንድ ቢሆን በ40 ቀኑ፣ ሴት ብትሆን በ80 ቀኗ ክርስትና ትነሣለች፤ ለሙስሊሙ ልጅ ዐቂቃ ወንድ ቢሆን ሁለት በግ፣ ሴት ብትሆን አንድ ይታረዳል። በቤተ ክርስቲያን ወንዶች በሰሜኑ በር፣ ሴቶች በደቡቡ በር ይገባሉ፤ በመስጊድም ወንዶቹ በፊተኛው ሶፍ፣ ሴቶቹ ከኋላ ወይም በተለየ ክፍል ይሰግዳሉ። በሸማኔው ቤት ሴቲቱ ጥጡን ባዝታ በእንዝርት ትፈትላለች፤ ወንዱ እግሩን ወደ ጕድጓዱ ሰዶ ተቀምጦ መወርወሪያውን ያመላልሳል። ለቅሶ በደረሰ ጊዜም የዕድሩ ወንዶች ድንኳን ይተክላሉ፣ ሴቶቹ ንፍሮ ይቀቅላሉ፣ ወጥ ይሠራሉ። ይህ ሥርዓት የሚናቅ አይደለም፤ ብዙ ትውልድ በእርሱ ተጋብቶ፣ ወልዶ፣ ተቀባብሮ ኖሯልና።

ነገር ግን በየትውልዱ፣ ቁጥራቸው ጥቂት ይሁን እንጂ፣ ያች በልደት ሰዓት የተነገረች ቃል ከልባቸው ጋር ያልተስማማችላቸው ሰዎች ኖረዋል፤ ዛሬም አሉ። በዘመናችን ዓለም ትራንስጀንደር እያለ የሚጠራቸው እነዚህ ወገኖች ከባዕድ አገር የተላኩብን እንግዳ ነገር እንደ ሆኑ አድርጎ መናገር በዚህ ዘመን ተለምዷል። ይህ ጽሑፍ ለማስረዳት የሚፈልገው ከዚህ የተለየውን ነው፤ ይኸውም በዚህች አገር አያቶቻችን እንዲህ ያሉትን ሰዎች ያውቋቸው እንደ ነበረ፣ በየልማዳቸውም አንዳንድ ስፍራ ሰጥተዋቸው እንደ ነበረ፣ ያም ስፍራ ጠባብና ብዙ ጊዜም ኀዘን የተቀላቀለበት ቢሆን እንኳ፣ እኛ የዛሬዎቹ ከምንሰጣቸው የሰፋ እንደ ነበረ ነው።

ነገሩን በየክፍሉ ስለ መለየት

ሳይለዩ መናገር ሳያውቁ መፍረድን ያመጣልና አስቀድሞ ነገሩን መለየት ይገባል። በአፍ ልማዳችን ሦስት ልዩ ልዩ ነገሮች በአንድ ስም ተጠቅልለው ይነገራሉ። የመጀመሪያው የአካል ነገር ነው፤ ፍናፍንት የሚባሉት ሰዎች ሲወለዱ የአካላቸው ምልክት ወይም የውስጥ አፈጣጠራቸው ወንድ ብቻ ወይም ሴት ብቻ ነው ብሎ ለመለየት የሚያስቸግር ነው። ሁለተኛው የፍቅርና የፍትወት ነገር ነው፤ ይህም የሰው ልብ ወደ ማን እንደሚያዘነብል የሚመለከት ነው። ሦስተኛው የማንነት ነገር ነው፤ ትራንስጀንደር የሚባሉትም በዚህ ውስጥ ይገባሉ፤ እነርሱም በአካላቸው ምክንያት ወንድ ተብለው ያደጉ ሳሉ በውስጥ ሰውነታቸው ራሳቸውን ሴት ሆነው የሚያገኙ፣ ወይም ሴት ተብለው ያደጉ ሳሉ ወንድ መሆናቸውን የሚያውቁ፣ ወይም ከሁለቱ በአንዱ ብቻ መጠራት የማይስማማቸው ናቸው። አንድ ሰው ከእነዚህ በአንዱ ተገኘ ማለት በሌላውም ተገኘ ማለት አይደለም።

ከእነዚህ ሰዎች አንዳንዱ ልብሱንና መጠሪያ ስሙን ብቻ ለውጦ ይኖራል፤ አንዳንዱ የሆርሞን መድኃኒት ይወስዳል፤ አንዳንዱ በቀዶ ሕክምና ይረዳል፤ አንዳንዱ ደግሞ ምንም ሳይለውጥ ምስጢሩን ከልቡ ጋር ይዞ ያረጃል። የነገሩን ምክንያት ሲመረምሩ የኖሩት የሕክምና ሊቃውንት አንድ ብቸኛ ምክንያት አላገኙለትም፤ ሆኖም ቀድሞ የአእምሮ ሕመም ብለው ይጽፉት የነበረውን ትተውታል። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 አጽድቆ ከጥር 1 ቀን 2022 ጀምሮ ሥራ ላይ ባዋለው በ11ኛው የበሽታዎች መዝገብ፣ ይህን ጉዳይ ከአእምሮ ሕመሞች ምዕራፍ አውጥቶ የጾታ ጤናን በሚመለከተው ምዕራፍ ውስጥ አኑሮታል፤ ይህንም ያደረገው ሰዎቹ የሕክምና ርዳታ የሚያገኙበት በር ሳይዘጋ፣ ሕሙማነ አእምሮ ከመባል ነውር እንዲድኑ ብሎ ነው።

ዕውቀቱ እስከዚህ የደረሰው ያለ መከራ አይደለም። ማግኑስ ሂርሽፌልድ የተባለው ጀርመናዊ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1919 በበርሊን ከተማ ስለ ጾታ የሚመራመር ተቋም አቋቁሞ፣ እነዚህን ሰዎች በክብር ተቀብሎ ያክምና ይረዳ ነበር፤ ነገር ግን ናዚዎች ሥልጣን በያዙበት በ1933 በግንቦት ወር ተቋሙ ተዘርፎ መጻሕፍቱ በአደባባይ ተቃጠሉ። ከዚያ ዘመን በኋላ የመጡት ሐኪሞች ያን የተቋረጠ ሥራ እንደ ገና ከሥሩ ለመጀመር ተገደዱ።

በደጋው አገር ልማድ

ወደ ሀገራችን ስንመለስ፣ ሳይመን መሲንግ የተባለው አሜሪካዊ የሥነ ሰብእ ተመራማሪ በጎንደር አካባቢ ኖሮ፣ ስለ ደጋው አማራ ኑሮ እ.ኤ.አ. በ1957 ለፔንሲልቬንያ ዩኒቨርሲቲ ባቀረበው ሰፊ ድርሳን ውስጥ፣ በገበሬው መንደር የሴት ልብስና የሴት ሥራ ይዘው የሚኖሩ ወንዶች መኖራቸውን ጽፏል። እነዚህ ሰዎች፣ እርሱ እንደ ተረዳው፣ በአፈጣጠር እንደ ጎደላቸው ተቈጥረው የሚታዘንላቸው እንጂ የሚሳደዱ አልነበሩም፤ ከሴቶች ጋር በአንድ ቤት ሲውሉ እንደ ወንድም ይታዩ ነበር፤ የሴቶቹ ባሎችም ስለዚህ አይቀኑም ነበር። እንዲሁም ወንዳወንድ የሚባሉ ሴቶች መኖራቸውን መዝግቧል። እንደ ሴት ለሚኖረው ወንድ የሚነገረው ወንዳገረድ የሚለው ቃል ዛሬ ለስድብ ብቻ ተጥሎ ቢቀርም፣ ስሙ በቋንቋችን መኖሩ ራሱ ሰውየው በመንደሩ ይታወቅ እንደ ነበረ ይመሰክራል። በእርግጥ ኀዘኔታ ክብር አይደለም፤ እንደ ጎደሎ መታየትም ሙሉ ሰው ሆኖ ከመታየት ያነሰ ነው። ነገር ግን ያ ገበሬ ጎረቤቱን ከቤት አላስወጣውም፤ እህሉን አብሮት በላ፤ በገዛ መንደሩ እንዲያረጅ ተወው።

ከዚህ የበለጠ የተስፋፋው የዛር ልማድ ነው። በአፈ ታሪክ እንደሚነገረው፣ ሔዋን 30 ልጆች ወልዳ ሳለች ፈጣሪ ሊጎበኛት በመጣ ጊዜ ከሁሉ የተዋቡትን 15ቱን ደበቀችበት፤ እርሱም የተደበቁት እንደ ተደበቁ ይቅሩ ብሎ ከሰው ዐይን ስለ ሰወራቸው ዛሮች ሆኑ፤ የቀሩትም የእኛ አባቶችና እናቶች ናቸው። ዛር ያደረበት ሰው የዛሩ ፈረስ ይባላል፤ ዛሩም ወንድ ወይም ሴት ነው፤ ነገር ግን ወንድ ዛር በወንድ ላይ፣ ሴት ዛር በሴት ላይ ብቻ ይውረድ የሚል ሕግ የለውም። ስለዚህ በባለዛሩ ቤት ዕጣኑ ጨሶ፣ ቡናው ተፈልቶ፣ ከበሮው ተመትቶ ጉርሪ የሚባለው የዛር ጭፈራ በተነሣ ጊዜ፣ ወንድ ዛር የወረደባት ሴት የወንድ ልብስ ለብሳ፣ አለንጋ ወይም ጦር ይዛ፣ ድምፅዋን አጐልምሳ ትፎክራለች፤ የተሰበሰበውም ሰው እንደ ሴት ሳይሆን እንደ ጌታ ሰግዶ በወንድ አንቀጽ ያናግራታል። በሴት ዛር የተያዘ ወንድም እንዲሁ ሽቶ ተቀብቶ፣ አለሳልሶ ሲናገር ማንም አይስቅበትም።

ሚሼል ሌሪስ የተባለው ፈረንሳዊ ጸሐፊ፣ ከዳካር ተነሥቶ ጂቡቲ ድረስ ከዘለቀው የምርምር ጓድ ጋር በ1924 ዓ.ም. ክረምት ጎንደር ገብቶ፣ መልካም አያሁ በምትባል ስመ ጥር ባለዛር ቤት ለብዙ ወራት ሲመላለስ የታዘበውን እ.ኤ.አ. በ1958 በመጽሐፍ አውጥቷል። እንደ አባ ዮሴፍ ያሉ ወንዶች ዛሮች በዚህች ሴት ላይ ሲወርዱ በእነርሱ ስም ትፈርድ፣ ታስታርቅ፣ ትገሥጽ ነበር። በኑሮዋ ሴት በመሆኗ የተነፈገችው ሥልጣን በዛሩ ስም ተሰጣት ማለት ነው። ቤተ ክርስቲያናችን ዛርን መንፈሰ ርኩስ ነው ብላ ታወግዛለች፤ ይህን ውግዘት መካድ የዚህ ጽሑፍ ዓላማ አይደለም። የዛር ፈረስ የሆነ ሁሉ ትራንስጀንደር ነው ማለትም አይቻልም። ነገር ግን ሕዝባችን ሰው በአንድ አካል ሳለ የሌላ ጾታ ጠባይ ሊገለጥበት እንደሚችል በዚህ ልማድ ለብዙ ዘመን ሲያይና ሲሰማ፣ ለዚያም ሰዓት፣ ስፍራ፣ ዜማና ልብስ ሲያዘጋጅ መኖሩ ሊዘነጋ አይገባም።

በስንክሳርና በመጻሕፍት

ከዛር ቤት ወጥተን ወደ ቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ብንሻገር፣ ከዐረብኛ ወደ ግእዝ ተመልሶ በየዕለቱ የሚነበበው ስንክሳር የወንድ ልብስ ለብሰው፣ በወንድ ስም ተጠርተው በገዳም የኖሩ ቅዱሳት ሴቶችን ታሪክ ያስተምረናል። ነሐሴ 15 የምትታሰበው እንባ መሪና አባቷ ሊመንን በተነሣ ጊዜ ከእርሱ መለየት ስላልፈቀደች፣ ጠጕሯን ተላጭታ የወንድ ልብስ ለብሳ ከመነኮሳቱ ጋር እንደ ወንድ መነኵሴ ኖረች። ከዕለታት አንድ ቀን ከወንድሞች ጋር ተልካ በእንግዳ ቤት ባደረች ጊዜ፣ የባለቤቱን ልጅ አንድ ወታደር አስነወራት፤ ልጅቱ ግን ከዚያ ወጣት መነኵሴ ነው ያረገዝሁት ብላ ተናገረች። መሪና አንዲት ቃል ተናግራ ራሷን ነጻ ማውጣት ሲቻላት ዝም ብላ ነቀፌታውን ተቀበለች፤ ከገዳሙ በር ውጭ ተጥላ ያልወለደችውን ሕፃን አሳደገች፤ በኋላም ተመልሳ ስትገባ ከባድ ሥራ ተጫነባት። ባረፈች ጊዜ ሊገንዟት የቀረቡት መነኮሳት ሴት መሆኗን አይተው ደነገጡ፤ የፈረዱባትም አለቀሱ።

ጥር 21 የምትታሰበው ኢላርያ የንጉሥ ዘይኑን ልጅ ሳለች ቤተ መንግሥቱን ትታ ወደ አስቄጥስ ገዳም ወረደች፤ ጢም ስላላበቀለች መነኮሳቱ ጃንደረባ መስላቸው ኖረች፤ ታማ የመጣችውን የገዛ እኅቷንም ማንነቷን ሳትገልጥ ፈወሰቻት። ጥር 26 የምትታሰበው አናስጣስያም ከቍስጥንጥንያ መኳንንት ወገን ሆና ሳለች፣ በአባ ዳንኤል ጠባቂነት በአስቄጥስ አጠገብ በአንድ ዋሻ 28 ዓመት እንደ ወንድ ባሕታዊ ሆና ኖራለች።

በእነዚህ ታሪኮች ላይ ያልተባለውን ጨምሮ መናገር በቅዱሳቱም በአንባቢውም ላይ በደል ነው። ቤተ ክርስቲያን ያከበረቻቸው ስለ ድንግልናቸው፣ ስለ ትዕግሥታቸውና ስለ ተጋድሏቸው ነው፤ ኦሪት ዘዳግም በ22ኛው ምዕራፍ ወንድ የሴትን፣ ሴት የወንድን ልብስ እንዳይለብስ ይከለክላል፤ በአራተኛው መቶ ዓመት የተሰበሰበው የጋንግራ ጉባኤም ሴቶች በምናኔ ምክንያት የወንድ ልብስ እንዳይለብሱ ወስኗል። ይህ ሁሉ እየታወቀ ሳለ፣ መጽሐፉን የጻፉትና የተረጐሙት አባቶች እነዚያን ሴቶች ከስንክሳሩ አልፋቋቸውም። ሥርዓቱን እንደ ጠበቁ፣ ከሥርዓቱ ወጥቶ የተገኘውን ሰው ገድል ደግሞ ለመጪው ትውልድ በአደራ አስተላለፉ። የመሪና ታሪክ የሚያስተምረውም በመልክ አይቶ ለመፍረድ መቸኰል ምን ያህል እንደሚያሳስት፣ የተፈረደበትም ሰው የሚሸከመው መከራ ለሌላው ምን ያህል ሥውር እንደ ሆነ ነው።

የጃንደረባው ታሪክም በዚሁ የሚታሰብ ነው። በሐዋርያት ሥራ በ8ኛው ምዕራፍ የተጻፈው፣ በትውፊታችን ባኮስ የሚባለው፣ የንግሥት ሕንደኬ በጅሮንድ በዘመኑ ሕግ ከወንዶችም ከሴቶችም ወገን ሙሉ ሆኖ የማይቈጠር ሰው ነበረ፤ በኦሪት ሥርዓትም እንዲህ ያለ ሰው ወደ እግዚአብሔር ጉባኤ አይገባም ነበር። ፊልጶስ በሠረገላው ላይ ያገኘው የነቢዩን የኢሳይያስን መጽሐፍ ሲያነብ ነው፤ ከዚያ ከሚያነበው ስፍራ ጥቂት ምዕራፎች ዝቅ ብሎ በ56ኛው ምዕራፍ ነቢዩ ለጃንደረቦች በእግዚአብሔር ቤት ከወንዶችና ከሴቶች ልጆች ስም የሚበልጥ ስም እንደሚሰጣቸው ተስፋ ይነግራቸዋል። ባኮስ መጠመቅን የሚከለክለው ነገር እንዳለ በጠየቀ ጊዜ ፊልጶስ ከሠረገላው ወርዶ አጠመቀው። እኛ ኢትዮጵያውያን የክርስትናችን በኵር እያልን የምንኮራበት ሰው እንግዲህ በጾታው ምክንያት ከበር ውጭ እንዲቆም የተፈረደበት ሰው ነበረ።

የሙስሊም ሊቃውንትም ጉዳዩን ሳይመረምሩ አላለፉም። በፊቅህ መጻሕፍት ውስጥ ኹንሳ ስለሚባሉት፣ ወንድ ወይም ሴት መሆናቸው በአካል ስላልተለየላቸው ሰዎች፣ ውርሳቸው እንዴት እንደሚከፈል፣ በሶላትም ሰዓት ከወንዶቹ ኋላ፣ ከሴቶቹ ፊት በየትኛው ሶፍ እንደሚቆሙ የሚናገር ብይን ተጽፎ ይገኛል። ይህ ብይን የአካልን እንጂ የማንነትን ጉዳይ የሚመለከት አይደለም፤ ቢሆንም እነዚያ ሊቃውንት ሰውየውን ከጉባኤው ከማስወጣት ይልቅ የሚቆምበትን ስፍራ መፈለግን መረጡ።

በደቡብ ሕዝቦች ዘንድ

ከሁሉ ይልቅ የተገለጠ ስፍራ የተሰጣቸው በደቡብ ነው። በኦሞ ሸለቆ አጠገብ የሚኖረው የማሌ ሕዝብ ካቲ በሚባል ንጉሥ ይመራ በነበረበት ዘመን፣ አሽቲሜ የሚባሉ ሰዎች እንደ ነበሩ ዶናልድ ዶናም የተባለው ተመራማሪ በ1960ዎቹ ዓ.ም. በመካከላቸው ኖሮ ጽፏል። አሽቲሜ በአካል ወንድ ሆኖ የተወለደ፣ የሴት ልብስ የሚለብስና የሴት ሥራ የሚሠራ፣ የራሱንም ቤት የሚያስተዳድር ሰው ነው። ካቲው የአገሩ የወንድነት ኀይል ሁሉ ራስ ሆኖ ይታይ ስለ ነበረ፣ በታላላቁ ሥርዓት ጊዜ ሴቶች ወደ ግቢው መግባት ሲከለከሉ በውስጥ ያለውን የሴት ሥራ የሚያከናውኑት አሽቲሜዎች ነበሩ። ስለዚህ በንጉሡ ዙሪያ ተሰብስበው በእርሱም ጥላ ሥር ተጠብቀው ይኖሩ ነበር። ተመራማሪው በደረሰበት ዘመን ቁጥራቸው እጅግ አንሶ ነበር፤ አብዮቱም የካቲውን ሥርዓት ባፈረሰ ጊዜ ስፍራቸው አብሮ ፈረሰ።

ክሪስቶፈር ሆልፓይክ የተባለው እንግሊዛዊም በድንጋይ ካቡና በእርከኑ የታወቀውን የኮንሶን ሕዝብ አጥንቶ እ.ኤ.አ. በ1972 ባወጣው መጽሐፍ፣ ሳጎዳ ስለሚባሉ ወንዶች ጽፏል። ሳጎዳ ሚስት የማያገባ፣ አንዳንዱም የሴት ቀሚስ የሚለብስ ሰው ነው፤ ከእነርሱ አንዱ በኮንሶ የሴቶች ሥራ በሆነው በቆዳ ማልፋት ይተዳደር እንደ ነበረ መዝግቧል።

እነዚህን ልማዶች ስናነጻጽር አንድ ነገር ጎልቶ ይታያል። በደጋውም በቈላውም ማኅበረሰቡ ሰውየውን የሚያውቀው በሥራው ነው፤ የፈተለው እንደ ፈታይ፣ ቆዳ ያለፋው እንደ አልፊ፣ የንጉሡን ቤት የጠበቀው እንደ ባለሟል ይቈጠራል። የመንደሩ ሰው አስቀድሞ የሚጠይቀው በመኝታው ምን እንደሚያደርግ አልነበረም፤ ለቤቱና ለጎረቤቱ ምን እንደሚጠቅም ነበር። ይህ መንገድ ፍጹም አልነበረም፤ አሽቲሜው ልጅ ወልዶ ስሙን ለማስጠራት አይችልም ነበርና የልቡን ኀዘን ይዞ ይኖር ነበር። ቢሆንም ለእርሱ የሚሆን ሥራ፣ የሚጠራበት ስምና የሚጠብቀው ጌታ ነበረው።

በዛሬው ከተማ

ዛሬ በኮልፌ እንዲህ ያለ ሰው ምን ያገኛል? የምንኖርበት የኪራይ ቤት በአንድ አጥር ውስጥ ብዙ ክፍሎች የተደረደሩበት፣ በሩና መጸዳጃ ቤቱ የጋራ የሆነበት ስለ ሆነ፣ የአንዱ አለባበስና አነጋገር ከሌላው ዐይንና ጆሮ አይሰወርም። በመታወቂያ ወረቀቱ ላይ ጾታ የሚለው መስመር ከመልኩ ጋር ያልተስማማለት ሰው በባንኩ መስኮት፣ በጤና ጣቢያው ካርድ ክፍል፣ በየፍተሻው በር ላይ ራሱን ለማስረዳት ይገደዳል። ከሁሉ የሚከፋው ግን ከገዛ ቤተሰብ የሚመጣው ነው፤ አባትና እናት ልጃቸውን ከቤት ባስወጡት ዕለት፣ በዚህ ከተማ ሰው በዘመዱ አማላጅነት ሥራና መጠለያ የሚያገኝ ነውና፣ ያ ልጅ ከአንድ ቤት ብቻ ሳይሆን ከአገር የተባረረ ያህል ይሆናል።

ሕጉን በሚመለከት፣ ከግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. ጀምሮ የጸናው የወንጀል ሕግ በ629ኛው አንቀጽ ከተመሳሳይ ጾታ ሰው ጋር የሚፈጸምን ግብረ ሥጋ በቀላል እስራት ይቀጣል፤ ከእርሱ በፊት የነበረው የ1949 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሕግም በ600ኛው አንቀጽ እንዲሁ ይደነግግ ነበር። አንቀጹ የሚናገረው ስለ ድርጊት ነው፤ ሰው በልቡ ራሱን ማን አድርጎ እንደሚያውቅ የሚደነግግ ቃል የለበትም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥትም የሕይወትንና የአካልን ደኅንነት፣ ክብርንና የግል ሕይወትን መከበር ለማንኛውም ሰው ያረጋግጣል። በመንገድ ላይ የሚደበድብ፣ ፎቶግራፍ አንሥቶ ስምና አድራሻ እየገለጠ በአደባባይ የሚያሳድድ ሰው እንግዲህ ሕግ አስከባሪ ሳይሆን ሕግ አፍራሽ ነው።

ይህን ማለት ያስፈለገው ያለ ምክንያት አይደለም። በ2015 ዓ.ም. በነሐሴ ወር የአዲስ አበባ የሰላምና ጸጥታ አስተዳደር ቢሮ የተመሳሳይ ጾታ ግንኙነት ይፈጸምባቸዋል ባላቸው ሆቴሎችና መዝናኛዎች ላይ ርምጃ እንደሚወስድ ባስታወቀበት ወራት፣ በቲክቶክ ደግሞ የሰዎችን መልክና ስም እያወጡ ለጥቃት አሳልፎ የመስጠት ዘመቻ ተነሥቶ ነበር። በዚህ ጊዜ የሚጠቃው በአለባበሱና በአረማመዱ የሚታየው ሰው ነው፤ ስለዚህ ምንም ድርጊት ያልፈጸመው ትራንስጀንደር፣ አንዳንድ ጊዜም አለባበሱ ከሌላው ስለ ተለየ ብቻ የተጠረጠረው ሰው፣ የመጀመሪያው ተጠቂ ይሆናል። አገራቸው ሆነው ለመናገር ያልቻሉት በስደት ይናገራሉ፤ ፋሪስ ኩቺ ገዛኸኝን የመሰሉ ኢትዮጵያውያን በውጭ አገር ሃውስ ኦፍ ጉራማይሌ የተባለውን ድርጅት አቋቁመው ስለ ወገኖቻቸው ደኅንነት ይሟገታሉ።

ሌሎች አገሮች የየራሳቸውን መንገድ ፈልገዋል። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2014 ሂጅራ የሚባለውን ጥንታዊ ማኅበር ሦስተኛ ጾታ ብሎ አውቋል። የፓኪስታን ምክር ቤት በ2018 ለእነዚህ ሰዎች የሚሆን የመብት ሕግ አውጥቷል፤ በ2023 የሸሪዓ ፍርድ ቤቱ ከፊሉን ቢሽረውም ክርክሩ በሕግ ፊት የሚካሄድ ሆኗል። በጎረቤታችን በኬንያ ኦድሪ ምቡጓ የተባለች ትራንስጀንደር ሴት ከፈተና ድርጅቱ ጋር ተሟግታ፣ በ2014 የምስክር ወረቀቷ እንዲታረም ከፍተኛው ፍርድ ቤት ፈረደላት፤ በ2019ኙም የሕዝብ ቈጠራ ያ አገር ፍናፍንት የሆኑትን ዜጎቹን ለይቶ ቈጥሮ 1,524 መሆናቸውን አስታወቀ።

ለኮልፌ ሰው ግን ከሁሉ የቀረበው ምሳሌ ኔልሰን ማንዴላ ነው። በ1954 ዓ.ም. ክረምት በኮልፌ ከነበረው የፖሊስ ጦር ሠፈር ገብቶ፣ ኮሎኔል ታደሰ ብሩን ከመሰሉ መኰንኖች የጦር ትምህርት የተማረው ይህ ሰው፣ ከ27 ዓመት እስራት በኋላ ፕሬዚዳንት ሆኖ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ ወር 1996 የፈረመው የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥት፣ ሰው ስለ ጾታውም ሆነ ስለ ፍቅር ዝንባሌው እንዳይበደል በግልጽ ከጻፉት የዓለም ሕገ መንግሥታት ከቀዳሚዎቹ አንዱ ሆነ። አገሩም በ2003 ባወጣችው ሕግ ሰዎች በመዝገብ ላይ ያለውን ጾታቸውን ለማስተካከል እንዲችሉ ፈቀደች። ኮልፌ ስለ ነጻነቱ ያሠለጠነችው ሰው ነጻነትን እስከዚያ ድረስ አስፍቶ ማየቱ ለሰፈራችን የሚያስከብር እንጂ የሚያሳፍር አይደለም።

ከእኛ የሚጠበቀው

ይህን ያነበበ ሰው ሃይማኖቱን እንዲተው ወይም ያላመነበትን እንዲያምን የሚጠይቀው የለም። ካህኑ በትምህርቱ፣ ሼኹም በትምህርቱ ይጸናል፤ ምክር ቤቱም በሕጉ ላይ ይከራከራል። ከዚህ ሁሉ በፊት ግን በእያንዳንዱ ሰው እጅ ያለ ሥራ አለ። ወላጅ ልጁ ያልጠበቀውን ነገር በነገረው ዕለት ከቤቱ አለማስወጣት፣ ቢደነግጥም ደንግጦ አብሮ መኖር ይቻለዋል። የንስሓ አባት የተነገረውን ምስጢር ሊጠብቅ፣ የልጁን ሕይወት ከማንኛውም ክርክር ሊያስቀድም ይገባዋል። ሐኪሙና ነርሷ ታምሞ የመጣውን ሰው ስለ አለባበሱ ሳይሳለቁ ሊያክሙት በሙያቸው ምለዋል። አከራዩ ኪራዩን በጊዜው የከፈለውን ሰው በሐሜት ብቻ ማባረር የለበትም። የዕድሩ ዳኛም መዋጮውን ያላጓደለ፣ በሰው ለቅሶ የደረሰ አባል፣ የእርሱ ቀን በመጣ ጊዜ ብቻውን እንዳይቀር ሊያደርግ ሥልጣን አለው።

የገዳሙ መነኮሳት ስለ መሪና ያለቀሱት ከሞተች በኋላ ነው፤ ዕንባቸው እውነተኛ ነበር፤ ለእርሷ ግን አልደረሰላትም። ዛሬ በኮልፌ፣ በጎንደር፣ በኮንሶ በየቤቱ ተሸሽጎ የሚኖረው ሰው ከሞቱ በኋላ የሚጸጸትለት አይፈልግም፤ የሚፈልገው በሕይወቱ ሳለ የማያሳድደውን ጎረቤት ነው። ይህም ብዙ ገንዘብ፣ አዲስ ሕግም ሆነ የውጭ አገር ትምህርት የማይጠይቅ፣ አያቶቻችን ጥቂትም ቢሆን ያወቁት፣ እኛም ዛሬውኑ ልንጀምረው የምንችለው ነገር ነው።